ማያሚ ሄጄ ዳሌዬን ልሰራ ላልሽው እህቴ

እህቴ፣ «ለቢቢኤል (ዳሌ ለማስተለቅ ኦፕራሲዮን) ብር አጠራቅሜያለሁ፣ ለእናቴ ሳልነግራት ማያሚ ሄጄ ልሰራው ወይስ ይቅርብኝ?» ያልሽውን አንብቤ ማለፍ አቃተኝ። እኔ አልተሰራሁም። ግን የዛሬ ሦስት ዓመት የቅርብ ጓደኛዬን ከሜሪላንድ ይዣት ሄጄ አሥር ቀን ያስታመምኳት እኔ ነኝ።

«ኃጢአት ነው» እያላችሁ የምትወርዱባት እባካችሁ ተዉአት። ጓደኛዬን ሰርግ ላይ አንዲት ዘመዷ «አንቺ ልጅ፣ ከኋላ ሰሌዳ ሆንሽ እኮ» አለቻት። ሰው ሳቀ፣ እሷም አብራ ሳቀች። ከዚያ በኋላ ግን ፎቶ ስንነሳ ጥግ ትይዛለች፣ በሙቀት እንኳ ወገቧ ላይ ሹራብ ታስራለች። ቅንጦት ነው የሚለኝን አልሰማም።

አሠራሩን ግን እወቂው። ከሆድና ከወገብ ስብ ይመጠጥና መቀመጫ ላይ ይወጋል። መርፌው ጡንቻ ውስጥ ከገባ ስቡ በትልልቆቹ የደም ሥሮች አድርጎ ሳንባ ሊደርስና ሊገድል ይችላል። በፈረንጆቹ 2018 የፕላስቲክ ሰርጀሪ ሐኪሞች ማኅበራት ከ3,000 ሰው አንድ ሊሞት እንደሚችል አስጠንቅቀው ነበር። ማያሚ ያለችበት የፍሎሪዳ ግዛት በ2019 ጡንቻ ውስጥ መውጋትን ከለከለች፣ በ2022 ደግሞ አንድ ሐኪም በቀን ከሦስት በላይ እንዳይሰራና በአልትራሳውንድ እያየ እንዲወጋ አዘዘች። ስለዚህ «በቀን ስንት ትሰራለህ? በአልትራሳውንድ ነው?» ብለሽ ሐኪሙን ራሱን ጠይቂ። እኛን በስልክ ያዋራችን ሻጭ ናት፣ «ዛሬ ከከፈላችሁ ቅናሽ አለ» እያለች። ሐኪሙን ያየነው በኦፕራሲዮኑ ጠዋት ነው፣ ለአሥር ደቂቃ። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው እንጂ ልጅቷ ዳሌ መፈለጓ አይደለም።

ከዚያ መቀመጥ የለም። በሆዷ ትተኛለች፣ ከወገቧ የወጣው ቱቦ ደም የቀላቀለ ውሃ ያንጠባጥባል፣ እኔ እየለካሁ እደፋለሁ። እናቷ በቪዲዮ ሲደውሉ ቆማ ታወራቸዋለች። «ልጄ፣ ምነው ቆመሽ? ቁጭ በይ እንጂ» አሏት። «ሥራ ላይ ነኝ እማ» አለቻቸው። ስልኩን ዘግታ ትራሱን ነክሳ አለቀሰች። ያን ቀን ከቁስሉ ይልቅ ውሸቱ ነው ያመማት።

አልዋሽሽም፣ ዛሬ በዳሌዋ ደስተኛ ናት። ለእናቷ ግን እስካሁን አልነገረቻቸውም፣ ለፋሲካ ሊመጡ ነው፣ እንቅልፍ አጥታለች።

ለእናትሽ መንገር ካቃተሽ ለአንድ ለምታምኚው ሰው ንገሪ፣ ይዘሽውም ሂጂ። ጓደኛዬ በሁለተኛው ሌሊት ለሽንት ስትነሳ ዞሮባት ተዝለፈለፈች፣ የወደቀችው እኔ ላይ ነው።