የማይገጥመውን ቁጥር አታጥፉት

ልጆቼ፣ ሥራዬ ቅየሳ ነው፤ ዕድሜዬን የጨረስኩት በመለካት ነው። መሣሪያ ይዛችሁ ሜዳ መውጣት ለጀመራችሁት ስለ አንድ ቃል ልጻፍላችሁ። ቃሉ «አበሬሽን» ይባላል። እንግሊዝኛ ከላቲን ነው የወሰደው። «አብ» ማለት «ከ» ነው፤ «ኤራሬ» ደግሞ መባዘን፣ መንገድ መሳት። ኤረር የምንለውም ከዚያው ሥር የመጣ ነው። የእኛ «ስሕተት»ም ከ«ሳተ» ነው የሚወለደው።

እ.ኤ.አ. በ1725 የሥነ ፈለክ ተመራማሪዎቹ ሳሙኤል ሞሊኑ እና ጄምስ ብራድሌይ ለንደን አጠገብ ኪው በሚባል ቦታ አንድ ረጅም ቴሌስኮፕ ከጭስ መውጫ ግንብ ጋር አስረው ወደ ሰማይ አቆሙ። በአናታቸው ላይ የምታልፈውን ጋማ ድራኮኒስ የተባለች ኮከብ ይከታተሉ ጀመር። ምድር ፀሐይን ስትዞር ኮከቧ ቦታ የለወጠች ከመሰለች ርቀቷን እናሰላለን ብለው ነው።

ኮከቧ እውነትም ፈቀቅ አለች። ግን ባልታሰበው ወቅት፣ ባልታሰበው አቅጣጫ። ያውም የዲግሪ 3,600ኛ እጅ ተብሎ በሚቆጠር ልክ 20 ያህል ብቻ! «መሣሪያው ነው» ብሎ ማለፍ ቀላል ነበር። ብራድሌይ ግን አላለፈውም። አንዱን ምክንያት ሲያነሳ አንዱን ሲጥል ቆይቶ በ1728 ገባው፦ ብርሃን ፍጥነት አለው፣ ምድርም ትሮጣለች፤ ስለዚህ የኮከቡ ብርሃን ዘንበል ብሎ የመጣ ይመስላል። አበሬሽን የተባለው ይህ ነው። ምድር እንደምትንቀሳቀስ በቀጥታ የተረጋገጠው በዚህች ልዩነት ነው። ብርሃን ከፀሐይ እኛ ጋ ለመድረስ 8 ደቂቃ ከ12 ሴኮንድ ይፈጅበታል ብሎም አሰላ። ዛሬ የምናውቀው 8 ደቂቃ ከ20 ሴኮንድ ገደማ ነው። ይህን ሳስብ አሁንም ይደንቀኛል።

ሃብል የተባለው የሕዋ ቴሌስኮፕ ታሪክ ግን ያሳዝነኛል። እ.ኤ.አ. በ1990 ወደ ሕዋ ሲላክ 2.4 ሜትር ስፋት ያለው መስታወቱ ጠርዙ ላይ 2.2 ማይክሮን (የሚሊሜትር ሺህኛ እጅ) ያህል ከልኩ በላይ ተፍቆ ነበር። ሥዕሉ ደበዘዘ፤ ይህም አበሬሽን ይባላል። ሲጣራ መስታወቱ የተለካበት መሣሪያ አንድ ሌንስ 1.3 ሚሊሜትር ተዛንፎ ተገኘ። የሚያሳዝነኝ መዛነፉ አይደለም። ገና ፋብሪካ ውስጥ ሳለ ሌሎች መለኪያዎች ጉድለቱን አሳይተው ነበር። «እነሱ ያን ያህል አይታመኑም» ተብሎ ታለፈ። ማስተካከያው የተገጠመለት እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1993 ነው፤ ጠፈርተኞች እዚያው ድረስ ሄደው።

እናንተም የሌቭል ዙር ስትዘጉ፣ ማለትም ከፍታ እየለካችሁ ወደ መነሻችሁ ስትመለሱ፣ ቁጥሩ አልገጥም ሲል እጃችሁ ወደ ላጲስ ይሮጣል። አውቀዋለሁ፣ መሽቷል፣ መኪናውም እየጠበቀ ነው። ፊልድ ቡክ (የሜዳ መመዝገቢያ ደብተር) ላይ ላጲስ አይነካም። በአንድ መስመር ሰርዙት፣ የድሮው ቁጥር ይነበብ፣ አዲሱን ከላይ ጻፉ። ሰዓቱንና ስታፉን (የመለኪያ ዘንጉን) የያዘውን ሰው ስም ከጎኑ አስፍሩ። ከዚያ የትራይፖዱን (የመሣሪያውን ማቆሚያ) እግር እዩ፣ መሣሪያው መስተካከሉን የሚያሳየውን አረፋ እዩ፣ ያንን ነጥብ እንደገና ለኩ። አለቃችሁ ቢቸኩልም ለኩት።