መልስ፦ ትዝታን በፒያኖ ከጃዝ ጋር ሳዋህድ ዜማው ይጠፋብኛል

ዜማውን የሚያጠፋብህ ግራ እጅህ ነው። የትዝታን ቅኝት ከዶ ስትጀምር ያሉህ ድምፆች ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ ናቸው፤ ኮርድህ (አንድ ላይ የምትመታቸው ድምፆች) ውስጥ ግን ፋ እና ሲ ይገባሉ። ለጊዜው ተዋቸው። ከ5ቱ አንድ እየዘለልክ ሦስት ሦስት ያዝ፦ ዶ-ሚ-ላ፣ ሬ-ሶል-ዶ፣ ሚ-ላ-ሬ። ወዲያው ጃዝ ጃዝ ይላል፣ ትዝታውም አይጠፋም።

ሙላቱ አስታጥቄ የ5 ድምፅ ዜማችንን ከጃዝ 12 ድምፆች ጋር ያዋሃደው ቦስተን፣ በርክሊ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ድረስ ሄዶ ተምሮ ነው፤ አንተም ሌሎቹን ጆሮህ ሲለምድ ቀስ እያልክ ታስገባቸዋለህ።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቅ። እዚህ ባሕር ዳር ከማሲንቆ ተጫዋች ጋር መጫወትህ አይቀርም። መጀመሪያ አንድ ኖታ ስጠው፣ በሱ ይቃኝ። ድምፁን ሲያንሸራትት ደግሞ ግራ እጅህን አንሳ፤ ኮርድ ይዘህ ከቆየህ እሱ የሳተ ይመስላል፣ ደጋግሜ አይቼዋለሁ።