ዘፈኑን የደረሰውስ ማነው?

የዮግያካርታዋ እህቴ፣

በኢንዶኔዥያ መንግሥት ስኮላርሺፕ የቢዝነስ ማስተርስ እየተማርሽ ነው። ቅዳሜና እሁድ ዳንግዱት የሚባለውን የኢንዶኔዥያ የጭፈራ ሙዚቃ የሚጫወቱ ባንዶችን ከመድረክ እየቀረጽሽ ዩቲዩብ ላይ ትለቂያለሽ። ተመልካች ሲበዛ “ትምህርቱን ትቼ ቻናሌን ላሳድግ?” አልሽኝ። እናትሽ ደግሞ “ጨርሰሽ ነይና ባንክ ግቢ” ይላሉ።

እንቅጩን ልንገርሽ፤ ትምህርቱን እንዳትተዪ። ለባንኩ ብዬ ግን አይደለም።

ቻናልሽ የቆመው በሰው ድርሰት ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2025 መጀመሪያ አንድ የጃካርታ ፍርድ ቤት ዘፋኟን አግነስ ሞን፣ የሰው ዘፈን ያለ ደራሲው ፈቃድ በ3 ኮንሰርት ዘፍነሻል ብሎ 1.5 ቢሊዮን ሩፒያ ፈርዶባታል። ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቆይቶ ሻረላት። “ከፋዩ ዘፋኙ ነው ወይስ አዘጋጁ?” የሚለው ክርክር ግን የአገሩን ሙዚቀኞች ለሁለት ከፍሏቸዋል።

የገንዘቡ መምጫም አይታመንም። ካሴትና ሲዲውን ሕገወጥ ቅጂ ሲበላው የስልክ ጥሪ ማሳመሪያ ለሙዚቀኞቹ ደርሶላቸው ነበር። እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2011 የአገሩ የቴሌኮም ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት የደንበኞቹን ምዝገባ በአንዴ አሰረዘ፤ ገቢውም አብሮ ወደቀ። ሲዲ በኬኤፍሲ ምግብ ቤቶች ከዶሮ ጥብስ ጋር ተሸጧል፤ ቀልድ አይደለም። አሁን ዩቲዩብና ቲክቶክ ነው፤ ነገ ሌላ። ደራሲ ግን ሁሌም አለ። የዘፋኝና ደራሲው የዲዲ ኬምፖት የቆዩ የጃቫኛ ዘፈኖች እ.ኤ.አ. በ2019 በሶሻል ሚዲያ እንደ አዲስ ተነስተው የለ?

እኔ የካሴት አሳታሚ ቤት ሂሳብ ሠርቻለሁ። ውሉ ላይ “ግጥምና ዜማ” የሚለው መስመር ባዶ ሆኖ ሲመጣ ክፍያውን በማን ስም እንደምንጽፍ ግራ ይገባን ነበር። አገራችን የቅጂ መብት አዋጅ ካወጣች ቆየች፤ አዋጅ 410/1996። ቁጭ ብሎ የሮያሊቲ (ለደራሲው የሚከፈለውን ድርሻ) ሂሳብ የሚሠራ ሰው ግን ዛሬም ብርቅ ነው። መመረቂያ ጽሑፍሽን በዚሁ ላይ ሥሪ፤ የባንዶቹ ቪዲዮ ገንዘብ ለማን፣ እንዴት እንደሚደርስ።

እናትሽ ባንክ የሚሉት የወር ደሞዙ ስለሚታያቸው ነው። ቢሮው ውስጥ ሠላሳ ዓመት የምትቀመጪው ግን አንቺ ነሽ። የወንድምሽን የትምህርት ቤት ክፍያ ከስኮላርሺፕሽ ቆርጠሽ መላክሽንም አቁሚ። ያ ገንዘብ ለምግብና ለቤት ኪራይሽ የተሰጠ ነው። ይቀየሙሽ ይሆናል፤ ይቀየሙ።

የቻናሉ ገቢ ከተማሪ ቪዛሽ ጋር እንዳይጋጭ ዩኒቨርሲቲሽን ጠይቂ። ጃቫኛም ልመጂ፤ ብዙው ግጥም በሱ ነው።

ቻናሉን አትዝጊው። በየቪዲዮው ሥር ግን የደራሲውን ስም ጻፊ። ካላወቅሽው፣ ከመድረክ ሲወርዱ ከበሮ መቺውን ጠይቂው።