ያልነካሁት ቆጣሪ መብራት አስቆረጠብኝ

ጥያቄ፦ የእንጨት ሥራ ቤት ተከራይቼ ከገባሁ 4 ወሬ ነው። ቆጣሪው በአከራዬ ስም ነው። ባለፈው ሳምንት ተቆጣጣሪዎች መጥተው «የቆጣሪው ማሸጊያ ተበጥሷል፤ ቆጣሪውን ሳያልፍ የተሳበ ሽቦም አለ» አሉ። መብራቱን ቆርጠው የ18 ወር ሒሳብ ክፈል አሉኝ። እኔ ሽቦውን አልነካሁም። ጎረቤቴ «ለጊዜው የተቆረጠውን መስመር ራስህ ቀጥለህ ሥራህን ሥራ» ይለኛል። ፍርድ ቤት ብሄድ ያዋጣኛል?

መልስ፦ ከጎረቤትዎ ምክር ልጀምር። እባክዎ መስመሩን አይቀጥሉ። አሁን በእጅዎ ያለው ትልቁ መከላከያ «አልነካሁም» የሚለው ቃልዎ ነው። ሽቦውን በነኩ ዕለት እሱም ያበቃለታል። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በአንቀጽ 1129 ኤሌክትሪክን እንደ ግዙፍ ተንቀሳቃሽ ንብረት ይቆጥረዋል። ስለዚህ ያለፈቃድ የተሳበ ኃይል ከመጋዘን እንደተወሰደ ዕቃ ነው፤ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 665 በስርቆት ሊያስከስስ ይችላል። ስርቆት ግን ሆን ተብሎ የሚፈጸም ወንጀል ነው። ሽቦው በገቡበት ቤት ውስጥ መገኘቱ ብቻውን ሌባ አያደርግዎትም። ሆን ብለው መፈጸምዎን ማስረዳት ያለበት ከሳሽ ነው። ፖሊስ ከጠራዎት ቀርበው ማንነትዎን ይናገሩ፤ ዝርዝሩን ግን ከጠበቃ ጋር ሳይመክሩ አይግቡበት።

አሁን ወደ 18 ወሩ እንምጣ። እርስዎ ቤቱ ውስጥ የቆዩት 4 ወር ብቻ ነው። የቀረው 14 ወር በምን ሒሳብ የእርስዎ ይሆናል? በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2001 መሠረት ግዴታ አለብህ የሚል ሰው ግዴታው መኖሩን ማስረዳት አለበት። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚዘነጋው ማስረጃ አለ፤ የቆጣሪው የወር በወር የፍጆታ ታሪክ። ኃይል ቆጣሪውን ሳያልፍ መሳብ ሲጀምር የሚመዘገበው ፍጆታ ድንገት ይወርዳል። ቁጥሩ የወረደው እርስዎ ከመግባትዎ በፊት ከሆነ ወረቀቱ ራሱ ይመሰክርልዎታል። የወረደው ከገቡ በኋላ ከሆነ ደግሞ ከአሁኑ ቢያውቁት ይሻላል። ስለዚህ የ2 ዓመቱን የፍጆታ ዝርዝር በደብዳቤ ይጠይቁ። የደብዳቤዎን ግልባጭ «ደርሶናል» አስብለው፣ ማኅተም አስመትተው ያስቀሩ።

ቆጣሪው አሁንም ግድግዳው ላይ ካለ ዛሬውኑ ፎቶ ያንሱት። መለያ ቁጥሩ፣ ንባቡና የተበጠሰው ማሸጊያ በአንድ ፎቶ ላይ ይታዩ። የተበጠሰው ጫፍ ዝጎና አቧራ ለብሶ ከሆነ ቀረብ ብለው ያንሱት፤ ቆየት ብሎ የተበጠሰ መሆኑን ሊያሳይ ይችላል። በእጅ ግን እንዳይነኩት። ቆጣሪውን ወስደውት ከሆነ ምርመራው እርስዎ ወይም ባለሙያዎ ባሉበት እንዲደረግ በጽሑፍ ይጠይቁ። ቃለ ጉባኤ ፈርም ካሉዎትም ከፊርማዎ በላይ «ይዘቱን አልተቀበልኩም፤ ግልባጭ ለመውሰድ ብቻ ፈርሜያለሁ» ብለው ይጻፉ። «ዝም ብለህ ፈርም፣ ፎርማሊቲ ነው» ተብሎ የተፈረመ ወረቀት በኋላ ለማስተባበል በጣም ከባድ ነው።

ፍርድ ቤት መሄድ ይቻላል። የኃይል አቅርቦት ውሉ ግን መብራቱን በሚያቀርበው ድርጅትና በአከራይዎ መካከል ነው። ውል ደግሞ በመርህ ደረጃ የሚጸናው በተዋዋዮቹ መካከል ነው (አንቀጽ 1952)። ይህ በሁለት በኩል ይቆርጣል። የድርጅቱ ደንበኛ ስላልሆኑ «ደንበኛዬ ነህ፣ ውዝፉን ክፈል» ሊልዎት ይቸገራል። እርስዎም «ውሌን አፍርሰሃል» ብለው ለመክሰስ ይቸገራሉ። መፍትሔው አከራይዎን ወደ ክርክሩ ማስገባት ነው፤ ፈቃደኛ ከሆኑ ከእርስዎ ጋር አብረው ይክሰሱ፣ እምቢ ካሉ በኪራይ ውላችሁ መሠረት ተከሳሽ ያድርጓቸው። መጀመሪያ ግን በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ይስጧቸው።

ክሱ እስኪያልቅ እግድ መጠየቅ ይችላሉ፤ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 እና 155 ስለዚህ ናቸው። እውነቱን ልንገርዎት፤ እግድ አብዛኛውን ጊዜ ነገሩ ባለበት እንዲቆይ የሚሰጥ ነው። የተቆረጠ መስመር ይቀጠል ብሎ ማዘዝ ከዚያ ያልፋል፤ ዳኞችም ይጠነቀቃሉ። ሥራ ካዘዙዎት ደንበኞች ጋር ያሉዎት ውሎች፣ ሊበላሽ የደረሰ ሥራ፣ የሠራተኞችዎ ደመወዝ፣ ያለ ወረቀት ሲነገሩ አቤቱታ ብቻ ናቸው፤ ሰነድ ሆነው ሲቀርቡ ግን ይመዝናሉ። ጎን ለጎን ዘርፉን ለሚቆጣጠረው የነዳጅና ኢነርጂ ባለሥልጣን በጽሑፍ ያመልክቱ።

ሥራው ከቆመ ቤቴ ይፈርሳል ብለው ለመክፈል ቢገደዱስ? ይህን ሳስብ ልቤ ይከብዳል፤ ያልሠሩትን ዕዳ ለመብራት ብለው የከፈሉ ሰዎች ብዙ ናቸውና። የማይገባ ክፍያ የፈጸመ ሰው ገንዘቡን ማስመለስ ይችላል (የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2164)። ዕዳ እንደሌለበት እያወቀ በፈቃዱ ከከፈለ ግን መብቱን ያጣል። ስለዚህ ከመክፈልዎ በፊት «ዕዳውን አላመንኩም፤ መስመሩ እንዲቀጠልልኝ ተገድጄ የማስመለስ መብቴን ጠብቄ እከፍላለሁ» የሚል ደብዳቤ ያስገቡ። ደረሰኙም ላይ የትኛው ወር እንደሆነ በዝርዝር ያስጽፉ። ቢቻል የ4 ወሩን ለይተው ለመክፈል ያቅርቡ።

ጠበቃ ጋ ሲሄዱ የኪራይ ውሉን ዋናውን ይያዙ። የገቡበት ቀን የተጻፈበት እሱ ላይ ነው።