ጥቅሱ ስልኬ ላይ፣ ሚዛኑ እጄ ላይ

ጥያቄ፦

አሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ፣ ኡስታዝ።

ጅማ መርካቶ አካባቢ ከገበሬ ጀንፈል (ከነገለባው የደረቀ) ቡና እየተረከብኩ ለትልልቅ ነጋዴዎች የማስረክብ ወጣት ነኝ። ሰላቴን አላቋርጥም። ቴሌግራም ላይ ኢስላማዊ ጥቅስ የሚለጥፉ ቻናሎችን እከታተላለሁ፤ የወደድኩትን አስቀምጣለሁ። ሳነበው ልቤ ይነካል፣ አንዳንዴ እንባዬም ይመጣል። ሚዛኑ ጋ ስቆም ግን ያው እንደ ሌላው ነኝ፤ “ለጆንያ” ተብሎ ከየፈረሱላው የሚቀነሰውን አንድ ኪሎ እኔም እቀንሳለሁ። የተለመደ ስለሆነ ገበሬውም አይከራከርም።

ሌላው፣ የአጎቴ ልጅ ለቡናው ወቅት 80,000 ብር እንዳበድረው ጠይቆኛል። ወረቀት እንጻፍ ካልኩት “አላመንከኝም” ብሎ ይቀየመኛል ብዬ ፈራሁ። ኢስቲኻራ (አላህ መልካሙን እንዲመርጥልኝ የሚለመንበትን ሰላት) ሰገድኩ፣ ሕልም ግን አላየሁም። ምን አጥፍቼ ነው መልስ ያጣሁት? ያነበብኩትስ ከስልኬ ወርዶ ሥራዬ ላይ የሚታየው እንዴት ነው?

ወንድምዎ፣ ከጅማ

መልስ፦

ወአለይኩሙ ሰላም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ፣ ወንድሜ።

ልብህ መነካቱን አትናቀው። ጉድለቱ ጥቅሱን የሚመርጥልህ ቀንህን የማያውቅ ሰው መሆኑ ነው። አንተ ሚዛን ላይ ቆመህ እሱ ስለ ትዕግሥት ይልክልሃል። ከታቢዒዮች (ከሶሐቦች ቀጥሎ ከመጣው ትውልድ) አንዱ የሆኑት አቡ ዐብዱረሕማን አስ-ሱለሚ፣ ቁርኣን ያስተማሯቸው ሶሐቦች (የነቢዩ ባልደረቦች) ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አሥር አሥር አንቀጽ ይማሩ እንደነበር፣ በአሥሩ ውስጥ ያለውን ዕውቀትና ተግባር ሳይዙም ወደ ቀጣዩ እንደማያልፉ አስተላልፈዋል። አንተም ከሱብሂ በኋላ ከሙስሐፉ (ከቁርኣኑ መጽሐፍ) ግማሽ ገጽ ከነትርጉሙ፣ በአማርኛም ሆነ በኦሮምኛ፣ ሱራውን ከመጀመሪያው ይዘህ አንብብ። ከላይና ከታች ያለው አንቀጽ ካልታየ የተቆረጠ ቃል ወደፈለጉት ይጎተታል። የሐሙስ ገበያ ቀን ካጣደፈህ ሦስት አንቀጽ ይበቃል፤ አላህ ዘንድ የተወደደው ሥራ ጥቂትም ቢሆን የሚዘወተረው መሆኑ በሐዲስ ሰብሳቢዎቹ ቡኻሪና ሙስሊም ዘንድ ተዘግቧል። በረመዳን ግለት በቀን አንድ ጁዝ (ከቁርኣን ሠላሳ ክፍሎች አንዱን) ብሎ የጀመረ ሰው ቀጣዩ ወር ሸዋል ሲገባ ሙስሐፉን የሚሰቅለው አቅሙን ሳይለካ ስለተነሳ ነው።

ሐዲስ ለሌላ ከማስተላለፍህ በፊት ማን እንደዘገበውና ዑለማዎች ስለ ደረጃው ምን እንዳሉ ተመልከት። “ነቢዩ እንዲህ ብለዋል” ከሚል ጽሑፍና ከጀምበር ፎቶ በቀር ምንም ከሌለው እለፈው። “ዕውቀትን ቻይና ድረስም ቢሆን ፈልጉ” የሚለውን ስንቱ ይለጥፈዋል! የሐዲስ ሊቃውንት ግን ደካማ ነው፣ ከዚያም አልፎ የተቀጠፈ ነው ብለውታል። በጥርጣሬ የያዝከውን ከመግሪብ እስከ ኢሻ ባለው ጊዜ መስጂድ ውስጥ ኪታብ የሚያስቀሩትን ሸይኽ ጠይቅ።

አሁን ወደ ሚዛኑ። ለአንተ ሥራ የወረደ የሚመስለው 83ኛው ሱራ፣ አል-ሙጠፊፊን ነው። የመጀመሪያዎቹ አንቀጾች ወዮታን የሚያውጁት ከሰው ሲቀበሉ ሞልተው በሚያስሰፍሩ፣ ለሰው ሲሰፍሩ ወይም ሲመዝኑ ግን በሚያጎድሉ ላይ ነው። ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው። አንድ ኪሎ ስትቀንስ ከመቶ ስድስት የሚጠጋ ወሰድክ ማለት ነው፤ ከጅማ ዙሪያ፣ ከማና ወይም ከሰቃ፣ 34 ፈረሱላ ጭኖ የመጣ ገበሬ ሁለት ሙሉ ፈረሱላ ትቶልህ ይሄዳል። ባዶ የፕላስቲክ ማዳበሪያ አንድ ኪሎ እንደማይሞላ ደግሞ በእጅህ ታውቀዋለህ። አይከራከርም ያልከው ስምምነት አይባልም። ቁርኣን (4፥29) ንግድን በመዋደድ ያደረገው ነው፤ ገበሬው ዝም ያለው ቀጣዩም መጋዘን ያው ስለሆነበት ነው።

እንዲህ አድርግ። አንድ ባዶ ጆንያ በትልቅ ሚዛን በትክክል አይነበብምና አንድ ዓይነት የሆኑ አሥር ባዶ ጆንያዎችን አንድ ላይ መዝነህ ለአሥር አካፍል። የቃጫውንና የፕላስቲኩን ለየብቻ አውጣ፤ የቃጫው ይከብዳል፣ እርጥብ ከሆነ ደግሞ ይብሳል። የሁለቱን ቁጥር ገበሬው በሚያየው ግድግዳ ላይ ጻፍና በጆንያ ቁጥር እንጂ በፈረሱላ አትቀንስ። ጠዋት ጠዋት ሚዛኑ ባዶውን ዜሮ ላይ መቆሙን እይ፤ ክብደቱ በታወቀ ነገርም ፈትነው። ቡናው እርጥብ ከሆነ ወይም ወጪህ ከበዛ ዋጋውን በግልጽ ዝቅ አድርገህ ተደራደር፤ ያ ንግድ ነው። ኪሎውን መንካት ግን አይደለም። ሸቀጥ ስትሸጥ ደግሞ፣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ለገበያው መዛኝ “መዝን፣ አጋድልም” ያሉትን ቲርሚዚና አቡ ዳውድ የዘገቡትን ያዝ።

ስታስረክብም ያው ነው። ኢማም ሙስሊም እንደዘገቡት ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) የእህል ክምር ውስጥ እጃቸውን ሰደው ጣታቸው እርጥበት ሲነካ “ይህ ምንድን ነው?” ብለው ጠየቁ። ሰውየው ዝናብ መታው ሲል፣ ሰው እንዲያየው ለምን ከላይ አላደረግከውም አሉት፤ ያታለለ ከእኔ አይደለም ብለውም ጨመሩ። ያልደረቀውን ጀንፈል ከጆንያው ሥር አድርጎ ደረቁን አፉ ላይ ማልበስ ማለት እኮ ይኸው ነው። እስካሁን የቀነስከውን በተመለከተ፣ የምታውቃቸውን ገበሬዎች ሒሳቡን ነግረህ መልስላቸው ወይም ይቅርታቸውን ጠይቅ፤ የማታገኛቸውን በስማቸው ሰደቃ አውጣላቸው።

ስለ ብድሩ፣ ከቁርኣን ረጅሙ አንቀጽ (2፥282) ስለ ዕዳ ጽሕፈት መሆኑን ለአጎትህ ልጅ ንገረው። ዘመድን ነጥሎ አላወጣም፤ ትንሽም ሆነ ትልቅ ከመጻፍ አትሰልቹ ነው የሚለው። አብዛኞቹ ዑለማ መጻፉን ግዴታ ሳይሆን የተወደደ ያደርጉታል፤ የዘመድ ዕዳ ሲሆን ግን ሰው የሚጣላው በመጻፉ ሳይሆን በመርሳቱ ነው። አንቀጹ ቃሉን የሚያስጽፈው ባለዕዳው ነው ይላል፤ ስለዚህ ራሱ ይናገር፣ ጸሐፊው ይጻፍ። የሁለታችሁ ሙሉ ስም፣ ገንዘቡ በአኃዝና በፊደል፣ የተሰጠበት ቀን፣ የሚመለስበት ቀን፣ ሁለት ምስክር ይኑርበት፤ በሁለት ቅጂ ይሁን። “ቡና ሲሸጥ” የሚል ቀጠሮ አትቀበል፤ ዝናብ ያዘገየዋል፣ ዋጋ ያዘገየዋል፣ ጭቅጭቁም ከዚያ ይነሳል። “ጥር 30” ብላችሁ ቁረጡ።

አደራ፣ “ጀንፈልህን በርካሽ ለእኔ ታስረክባለህ” የሚል ቃል እንዳይገባበት። ለአበዳሪው ጥቅም በቅድመ ሁኔታ የሚያስገኝ ብድር ወለድ ነው። ቀኑ ደርሶ በእውነት ካጣ 2፥280 እስኪያገኝ ጠብቀው ይልሃል፤ ብትተውለት ደግሞ ይበልጥልሃል።

ኢስቲኻራህን በተመለከተ አላጠፋህም። ቡኻሪ ከጃቢር በዘገቡት ሐዲስ ውስጥ ሕልም የሚባል ነገር የለም። ከፈርድ (ከግዴታው ሰላት) ውጭ ሁለት ረከዓ ሰግደህ ዱዓውን ታደርጋለህ፤ ጉዳዩን በስሙ ትጠራለህ፤ መልካም ከሆነ እንዲገራልህ፣ ክፉ ከሆነ ከአንተ እንዲመለስ፣ አንተም ከእሱ እንድትመለስ ትለምናለህ። ከዚያ የአጎትህን ልጅ ገበያና የዕዳ ጠባይ የሚያውቅ ሰው አማክር፤ ልብህ ወዳዘነበለው ሂድ። ወረቀት አልፈርምም ካለ መንገዱ መዘጋቱ ራሱ መልስ ሊሆን ይችላል። መድገም ካሰኘህ ከኢሻ በኋላ ይመቻል፤ ከአስር ሰላት በኋላ እስከ መግሪብ ግን የሱና ሰላት ከማይሰገድባቸው ሰዓቶች ነውና ተወው።