ከኋላ የመጣው ለምን ይቀድማል?

ጥያቄ፦ ሲስተር፣ አባቴ ለቡአ ኦፕራሲዮን ወረፋ ከያዘ ወራት አለፉት። በቀጠሮው ቀን ሄዶ «ዛሬ አይሆንም» ተብሎ ተመለሰ። ከሱ በኋላ የመጡት ግን ታክመው ወጥተዋል። ዘመድ ያለው ብቻ ነው እንዴ የሚታከመው? (ከጅማ፣ ሂርማታ)

መልስ፦ ንዴትህ ይገባኛል። ዘመድ አይሠራም ብዬ አልምልልህም። አብዛኛውን ጊዜ ግን ወረፋውን የሚያዛባው በሽታው ራሱ ነው። ሌሊት ከበደሌ አንጀቱ የተቋጠረ ሰው ሪፈር ተብሎ ከመጣ፣ የኦፕራሲዮን ክፍሉም ሰመመን ሰጪውም የሱ ናቸው። ካንሰር የተጠረጠረበትም ይቀድማል፤ ሲጠብቅ ይሰራጭበታላ! ጋደም ሲሉ የሚመለስ ቡአ ግን ጊዜ ይሰጣል።

በዕለቱ ዝርዝር ሕፃናት ጠዋት ይገባሉ፣ ረሃብ አይችሉም። መግል የያዘ ቁስል መጨረሻ ላይ ነው። ደም ወይም አልጋ ከጠፋ ከታች ያሉት ይመለሳሉ።

የደም ግፊቱን አስለካችሁት? ከ180/110 በላይ ከሆነ ሐኪሙ ያዘገየዋል። ለኦፕራሲዮኑ 6 ሰዓት ሲቀረው ምግብ፣ 2 ሰዓት ሲቀረው ደግሞ ውሃ ይቁም። ወተት የገባበት ቡና እንደ ምግብ ነው የሚቆጠረው። ጅማ ላይ ያለ ቡና ከቤት መውጣት ከባድ መሆኑን አውቃለሁ፣ ግን ይቻለው።

ላይዘን ክፍል (የሆስፒታሉ የቀጠሮና የሪፈር ጉዳይ ክፍል) ሂድና የተሰረዘበትን ምክንያትና አዲሱን ቀን ጠይቅ፤ ስልካችሁንም አረጋግጥ። እብጠቱ ጠጥሮ አልመለስ ካለ፣ ካመመው ወይም ካስመለሰው ግን ቀጠሮ አትጠብቁ። በዚያው ሰዓት ድንገተኛ ክፍል ውሰደው።