ሽማግሌ ያስታረቀውን የመሬት ክርክር ፍርድ ቤቱ ለምን አላጸድቅም አለ?

ጥያቄ፦ ከወላጆቼ በወረስኩት የእርሻ መሬት ምክንያት ከአጎቴ ልጅ ጋር በወረዳ ፍርድ ቤት ስንካሰስ ሽማግሌዎች ገብተው አስታረቁን። መሬቱን አሁን የሚያርሰው እርሱ ነው፤ ደብተሩ ግን በእኔና በባለቤቴ ስም ነው። የተስማማነው እርሱ 150 ሺህ ብር ሊከፍለኝ፣ እኔም መሬቱን ለቅቄለት ክሱን ልተው ነው። የእርቁን ወረቀት ስናቀርብ ዳኛው አላጸድቅም ብለው መለሱልን። እርቅ የሚበረታታ ከሆነ ለምን ተከለከልን? አባቴ የተከሉት ባሕር ዛፍም በመሬቱ ላይ አለ። (አንባቢ፣ ከምሥራቅ ጎጃም)

መልስ፦ ዳኛው እርቁን አልተቃወሙም፤ ያልተቀበሉት በእርቁ ውስጥ የገባውን ሽያጭ ነው። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 274 ጀምሮ፣ ተከራካሪዎች በማናቸውም ጊዜ፣ በችሎት ፊትም ሆነ ከችሎት ውጭ፣ ክርክራቸውን በሙሉም ሆነ በከፊል በስምምነት እንዲጨርሱ ይፈቅዳል። ሆኖም አንቀጽ 277 ፍርድ ቤቱ ስምምነቱን ከማጽደቁ በፊት ይዘቱ ሕግንና ሞራልን የማይቃረን መሆኑን እንዲያረጋግጥ ያስገድደዋል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ደግሞ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን፣ እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ይደነግጋል። እርስዎ በእጅዎ ያለው የባለይዞታነት መብት ነው፤ በደብተር የያዙትን ይዞታ ገንዘብ ተቀብለው ለዘለቄታው ሲለቁ፣ ወረቀቱ «እርቅ» ተብሎ ቢጻፍም ዳኛ የሚያየው ውስጡን ነው። በገጠር እንዲህ ያለ ሽያጭ በእርቅ ስም መጻፉ የተለመደ ስለሆነ፣ ዳኞች መጠንቀቃቸው አያስገርምም።

ይህ ማለት ግን ሽማግሌዎቹ የደከሙበት ሁሉ ከንቱ ቀረ ማለት አይደለም። ያው አንቀጽ 40 በንዑስ አንቀጽ 7 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በጉልበቱ ወይም በገንዘቡ በመሬት ላይ ለገነባው ቋሚ ንብረትና ላደረገው ቋሚ መሻሻል ሙሉ መብት እንዳለው ስለሚደነግግ፣ ባሕር ዛፉ ከመሬቱ ተለይቶ ሊሸጥ ወይም ሊካስ ይችላል። ስለዚህ ገንዘቡ ለዛፉ የሚከፈል ከሆነ ዋጋው ከዛፉ ጋር እንዲመጣጠን አድርጋችሁ ጻፉ፤ 20 ሺህ ብር የማያወጣ ዛፍ 150 ሺህ ተብሎ ከተጻፈ ግን ችግሩ እንደነበረ ይቀጥላል። መሬቱን በተመለከተ ወሰኑን በግልጽ ለይቶ መካፈል ወይም የክልሉ ሕግ ለሚፈቅደው የተወሰነ ዘመን ማከራየት ይቻላል። ስትካፈሉ ማሳው የክልሉ ሕግ ከሚፈቅደው ዝቅተኛ ስፋት በታች እንዳይቆራረስ አስቀድማችሁ የወረዳውን የመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤት ጠይቁ።

አዲሱን ስምምነት ስትጽፉ ለዝርዝሩ አትሰስቱ። የፍርድ ቤቱ ስምና የመዝገቡ ቁጥር፣ የሁለታችሁ ሙሉ ስምና አድራሻ እንዲሁም የተስማማችሁበት ጉዳይ በሚገባ መጻፍ አለባቸው። «መሬቱን ለሁለት ተካፍለናል» ማለት ብቻውን አይበቃም፤ የማሳው መለያ ቁጥር፣ በአራቱ ማዕዘን ያሉት አዋሳኞች፣ የእያንዳንዳችሁ ድርሻ ስፋት፣ ቦታው የሚለቀቅበት ቀን፣ በማሳው ላይ ያለው ሰብል የማን እንደሆነና ክፍያ ካለም መቼ እንደሚፈጸም ይግለጽ። ባለቤትዎም መፈረም አለባቸው። ደብተሩ የሁለታችሁ ሆኖ ሳለ እርስዎ ብቻ ፈርመው የተደረገ እርቅ፣ ባለቤትዎ ባልተስማሙበት ጊዜ አዲስ ክርክር ይወልዳል። የውርስ ድርሻ ያላቸው እኅት ወንድሞች ካሉም በስምምነቱ እንዲገቡ አድርጉ፤ ሳይገቡ ቀርተው ፍርዱ መብታቸውን የሚነካ ከሆነ በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 358 መሠረት፣ ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት መቃወሚያ ሊያቀርቡ ይችላሉ።

ብዙ ባለጉዳዮች የሚሳሳቱት ታርቀው ሲመጡ «መዝገቡ ይዘጋልን» ብለው ብቻ በመመለሳቸው ነው። እንዲህ ከሆነ በእጃችሁ የሚቀረው ተራ ውል ነው፤ የአጎትዎ ልጅ ነገ ወሰኑን ቢያልፍ ያንን ውል ይዘው እንደገና ክስ መመሥረት ሊኖርብዎት ነው። ስምምነቱ በፍርድ ውስጥ እንዲካተት ከጠየቃችሁና ፍርድ ቤቱ ካጸደቀው ግን እንደ ማናቸውም ፍርድ በአፈጻጸም መዝገብ ይፈጸማል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 3312ም ስምምነቱ በተስማሚዎቹ መካከል ይግባኝ የሌለው የመጨረሻ ፍርድ ኃይል እንዳለው ይናገራል። «በኋላ ሳስበው ድርሻዬ አነሰብኝ» በማለት መመለስ አይቻልም። በተንኮል ወይም በማስገደድ የተደረገ መሆኑን ማስረዳት የሚችል ሰው መንገድ አለው፤ መንገዱ ግን ጠባብ ነው። ስለዚህ ከመፈረምዎ በፊት ወረቀቱ በደንብ ይነበብልዎ፤ ወሰኑንም ከሽማግሌዎቹ ጋር በማሳው ላይ ተገኝታችሁ ምልክት አድርጉበት።

ፍርዱ ከጸደቀ በኋላ ግልባጩን አውጥታችሁ ለመሬት አስተዳደር ጽሕፈት ቤቱ አቅርቡ፤ ደብተሩም በአዲሱ ድርሻ መሠረት ይስተካከልላችሁ። የአጎትዎ ልጅ ቦታውን በቀኑ ካልለቀቀ፣ ያንኑ ግልባጭ ይዘው ፍርዱን ለሰጠው ፍርድ ቤት የአፈጻጸም ማመልከቻ ያስገባሉ።